በኪስ የተቀመጠ በረዶ

በ1940 (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) ላይፍ የተባለው የአሜሪካ መጽሔት የአንድ ሕፃን አራት ፎቶግራፎችን አወጣ። ሦስት ወይም አራት ዓመት የሚሆነው ጥቁር ልጅ ነው፤ በጆርጂያ ግዛት ገጠር ለምርመራ ደም ሊወሰድለት ነው። ከፎቶ ወደ ፎቶ ፊቱ ይለዋወጣል። ትከሻው፣ አቋቋሙ፣ ልብሱ ገላው ላይ ያረፈበት ሁኔታ ሳይቀር ይናገራል። ያኔ ስሙን ብዙ ሰው የማያውቀው የ24 ዓመት የኒውዮርክ ከተማ፣ የብሩክሊን ልጅ፣ ሠዓሊ፣ መጽሔቱን ሲያገላብጥ ዐይኑ እነዚህ ፎቶዎች ላይ ቀረ። ቆርጦ አወጣቸውና የሥራ ክፍሉ ግድግዳ ላይ ለጠፋቸው። ከጊዜ በኋላ አነሣቸው፤ ዓመታት አልፈው እንደገና ለጠፋቸው። ለልጆች መጽሐፍ እሠራለሁ ብሎ ገና አላሰበም። ልጁን ግን መርሳት አልቻለም።

በ1962 ያ ልጅ ቀይ ልብስ ለብሶ በረዶ ላይ ወጣ። ስሙ ፒተር ተባለ። መጽሐፉ «ዘ ስኖዊ ዴይ» ይባላል፤ እኔ ለልጄ ሳነብላት «በረዶ የጣለ ቀን» እለዋለሁ። የጻፈውም የሣለውም ያው ፎቶውን የቆረጠው ሰው፣ ኤዝራ ጃክ ኪትስ ነው። መጽሐፉ 32 ገጽ ነው፤ ጽሑፉ ብቻውን ቢሰበሰብ ግን ከአንድ ወረቀት ብዙም አያልፍም። በ1963 በአሜሪካ ለልጆች ሥዕላዊ መጽሐፍ የሚሰጠውን ታላቅ ሽልማት፣ የካልዴኮት ሜዳሊያን አገኘ።

ስለዚህ መጽሐፍ ሲወራ ብዙውን ጊዜ የሚነሣው ጥቁር ሕፃንን ዋና ባለታሪክ አድርገው፣ በሙሉ ቀለም፣ በትልቅ አሳታሚ ከወጡት የመጀመሪያዎቹ አንዱ መሆኑ ነው። እውነት ነው፤ ትልቅ ነገርም ነው፤ እመለስበታለሁ። እኔን ይበልጥ የያዘኝ ግን ሌላ ነው። በዚህ መጽሐፍ ውስጥ ልጁን ማንም አይመክረውም፣ ማንም አያርመውም፣ ማንም አይስቅበትም። የልጁ ሐሳብ እንደ ትልቅ ሰው ሐሳብ ተከብሮ እስከ መጨረሻው ይሄዳል። በተረት ያደግን፣ ልጆቻችንንም በተረት የምናሳድግ እኛ ይህን ቀስ ብለን ብናየው ደስ ይለኛል።

መጀመሪያ ግን ሰውየው።

ኪትስ በ1916 የተወለደው ብሩክሊን ውስጥ፣ ኢስት ኒውዮርክ በሚባለው የድሆች ሰፈር ነው። ወላጆቹ ያወጡለት ስም ጃኮብ ኤዝራ ካትዝ ነበር። ከፖላንድ የተሰደዱ አይሁዶች ናቸው። ልጁ ካወቀ ጀምሮ ባገኘው ነገር ላይ ሁሉ ይሥላል። አንድ ቀን የማድ ቤቱን ጠረጴዛ ከዳር እስከ ዳር በሥዕል ሞላው። ቁጣ ሲጠብቅ እናቱ ዓርብ ማታ ለሰንበት የምታነጥፈውን የጠረጴዛ ልብስ አምጥታ ሥዕሉ እንዳይበላሽ ሸፈነችበት። ጎረቤት በመጣ ቁጥር ጨርቁን ገለጥ እያደረገች ታሳይ ነበር። እኔ ይህችን እናት በጣም እወዳታለሁ።

አባትየው ሌላ ነው። ቤንጃሚን ግሪንዊች ቪሌጅ በሚባለው የማንሃተን ሰፈር በምግብ ቤት አስተናጋጅነት ይሠራል። ሰፈሩ የሠዓሊዎች ስለነበር ሠዓሊ ሲራብ በዐይኑ አይቷል። ልጁ ስምንት ዓመት ሲሆነው ለአንድ ከረሜላ መሸጫ ሱቅ ማስታወቂያ ጽፎ 25 ሳንቲም አገኘ። አባት በዚህ ተደሰተ፤ ታፔላ መጻፍ እንጀራ ይሆናል፤ ሥዕል ግን አይሆንም። ሆኖም ማታ ማታ ከሥራ ሲመለስ አንዳንዴ የቀለም ቱቦ ይዞ ይመጣል። «ሠዓሊ አይራብም ካልክ ልንገርህ፤ ዛሬ አንዱ በአንድ ሳህን ሾርባ ለወጠኝ» ይላል። ቀለሙን የሚገዛው ከራሱ ደሞዝ ነበር።

ይህን ሳነብ የመጡብኝ የእኛ አባቶች ናቸው። «ይሄ ነገር አያበላህም፣ ትምህርትህን ያዝ» እያሉ ደብተሩንም እርሳሱንም ከሌላቸው ላይ የሚገዙ አባቶች። ፍቅራቸውን በቁጣ ጠቅልለው የሚሰጡ።

በጥር 1935፣ ኪትስ ከሁለተኛ ደረጃ ሊመረቅ በተቃረበበት ሰዓት፣ አባቱ መንገድ ላይ በልብ ድካም ሞተ። አስከሬኑን ለይቶ እንዲያረጋግጥ የተጠራው ልጁ ነበር። የአባቱን የኪስ ቦርሳ ሲከፍት ከመተጣጠፍ ብዛት ያረጁ የጋዜጣ ቁራጮች አገኘ። ኪትስ በሥዕሉ ስላገኛቸው ሽልማቶች የተጻፉ ናቸው። ፊት ለፊት «ተው» ሲለው የኖረ አባት የልጁን ዝና በኪሱ ይዞ ይዞር ነበር።

ከዚያ በኋላ ያለውን በአጭሩ ላልፈው፣ ምክንያቱም የብዙ ስደተኛ ልጆች ታሪክ ነው። ለሥዕል ትምህርት ነፃ ዕድል ቢያገኝም ቤተሰብ መርዳት ስለነበረበት አልተማረበትም። በዚያ የኢኮኖሚ ድቀት ዘመን በመንግሥት ፕሮጀክት የግድግዳ ሥዕል ሠራ፤ የኮሚክ መጽሔቶችን የጀርባ ሥዕል ሣለ፤ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በአሜሪካ ጦር ውስጥ ከጠላት ዐይን የሚሰውር የማስመሰያ ንድፍ ይሠራ ነበር። በ1947 ስሙን ለወጠ፤ ሥራ ፈላጊ ሠዓሊ ካትዝ በሚል የአይሁድ ስም ሲጠራ በሮች ይዘጉ ነበርና። ሰው በስሙ ብቻ ከሥራ ሲመለስ ምን እንደሚመስል ከውስጥ የሚያውቅ ሰው ነው። ይህን ሳስብ ፒተርን ለምን እንዳየው ይበልጥ ይገባኛል።

በ1950ዎቹ የሌሎችን የልጆች መጻሕፍት በሥዕል ማስጌጥ ጀመረ። ከሚሰጡት ጽሑፎች መካከል ጥቁር ልጅ ዋና የሆነበት አንድም አላገኘም፤ ቢኖርም ጥግ ላይ የሚቆም ነው። በ1960 ከሌላ ጸሐፊ ጋር ሆኖ ከፖርቶ ሪኮ ኒውዮርክ ገና ስለመጣ፣ እንግሊዝኛ የማይናገር፣ ውሻው ስለጠፋበት ልጅ መጽሐፍ አወጣ። ከዚያ የራሱን ብቻ ሊሠራ ሲነሣ የድሮዎቹን ፎቶዎች አወጣ። ኪትስ ኋላ እንዳስረዳው ፒተር መጽሐፉ ውስጥ የገባው ከመጀመሪያውኑ እዚያ መሆን ስለነበረበት ነው፤ ሌላ ምክንያት አላስፈለገም።

አሁን ሥዕሎቹ። እዚህ ላይ ትንሽ ብቆይ አትቀየሙኝ።

ኪትስ ሲጀምር ሐሳቡ በቀለም ሥሎ እዚህም እዚያም ጥቂት ጌጠኛ ወረቀት ለመለጠፍ ነበር። ወረቀቱ አሸነፈው። አንዱ ቁራጭ ሌላውን ሲጠራ መጽሐፉ ከሞላ ጎደል በቅድና በልጥፍ ተሠርቶ አለቀ። ከዚያ በፊት እንዲህ ሠርቶ አያውቅም። የእናትየው ቀሚስ የዕቃ መደርደሪያ ከሚነጠፍበት ሙሸማ የተቀደደ ነው። ለፒተር አልጋ አንሶላ የሚሆን ነጣ ያለ ሸራ ፈልጎ የሥዕል ዕቃ መሸጫ ሄደና ጠባብ ቁራጭ የቤልጅግ ሸራ ጠየቀ። ባለሱቁ በዚህች ቁራጭ ላይ ምን ሊሥል እንደሆነ ቢጠይቀው «አልጋ ላነጥፍ ነው» አለው። ቀልድ አልነበረም፤ ያነጠፈው አልጋ መጽሐፉ ውስጥ አለ፤ ጣት ቢያርፍበት ሽመናው የሚሰማ ይመስላል።

ሲዘንብ የሚታየው በረዶ ማህተም ነው። ላጲስ ወስዶ በቢላ እየቀረጸ፣ ቀለም እየነከረ ወረቀቱ ላይ አተመው። የመሬቱን በረዶ እርጥብ ቀለም ላይ ነጭ ቀለም እያንከባለለ አወጣው፤ ለዚህ ነው ነጩ ባዶ ነጭ ያልሆነው። ጠጋ ብላችሁ ካያችሁት ውስጡ ሮዝ አለ፣ ሰማያዊ አለ፣ ወይን ጠጅ የሚመስል ጥላ አለ። ፒተር የሚተኛበት ግራጫ ሌሊት ደግሞ በጥርስ ብሩሽ የተረጨ ጥቁር ቀለም ነው።

እነዚህን ዕቃዎች አስቡአቸው፦ ሙሸማ፣ ላጲስ፣ የጥርስ ብሩሽ፣ ትርፍራፊ ወረቀት። አንዱም ውድ አይደለም። የማድ ቤት ጠረጴዛ ላይ የሚሥል የድሃ ልጅ እጁ የሚደርስባቸው ነገሮች ናቸው። ልጄ ከመጽሐፉ ጋር ስትቀመጥ መቀስና ሙጫ የምትጠይቀው ለዚህ ይመስለኛል። የሠለጠነ ብሩሽ የሠራውን ሥዕል ልጅ ያደንቃል፤ ይህን ግን ወዲያው ልሥራው ይላል።

ታሪኩ ይህ ነው። ፒተር ከእንቅልፉ ሲነቃ ሌሊቱን በረዶ ጥሏል፤ ዐይኑ እስከሚደርስበት ሁሉ ነጭ ነው። ቁርሱን በልቶ፣ ሹል ቆብ ያለው ቀይ ልብሱን ለብሶ ይወጣል። ይራመዳል። የጫማውን ጫፍ ወደ ውጭ አድርጎ ይራመዳል፤ ወደ ውስጥ አድርጎ ይራመዳል፤ ዱካውን ያያል። እግሩን እየጎተተ ረጃጅም መስመር ያወጣል። በረዶ ውስጥ ዱላ ያገኛል፤ ሦስተኛ መስመር ይጨመራል። በዱላው በረዶ የተሸከመ ዛፍ ይመታል፤ በረዶው አናቱ ላይ ዱብ ይላል። ትልልቆቹ ልጆች በበረዶ ሲወራወሩ መቀላቀል ያምረዋል፤ ግን ገና ትንሽ መሆኑን ያውቃል። የበረዶ ሰው ይሠራል፤ በጀርባው ተኝቶ እጆቹን እያወዛወዘ የመልአክ ቅርጽ ያወጣል። ተራራ ወጪ ነኝ ብሎ ከተቆለለው በረዶ አናት ላይ ወጥቶ ይንሸራተታል። መሽቶ ወደ ቤት ከመግባቱ በፊት አንድ እፍኝ በረዶ አድበልብሎ ለነገ ብሎ ኪሱ ውስጥ ያስቀምጣል።

ቤት ሲገባ እናቱ እርጥብ ካልሲውን እያወለቀች የዋለበትን ሁሉ ትሰማዋለች። ገንዳ ውስጥ ገላውን ሲታጠብ ስለዋለበት ያስባል፣ ያስባል። ከመተኛቱ በፊት ኪሱን ያያል። ኪሱ ባዶ ነው። በጣም ያዝናል። በሕልሙ ፀሐይ በረዶውን ሁሉ አቅልጣዋለች። ሲነቃ ግን በረዶው አለ፤ አዲስም እየጣለ ነው። ፊት ለፊት ካለው ቤት ጓደኛውን ይጠራል፤ አብረው ይወጣሉ።

አለቀ። ክፉ ሰው የለም፣ አደጋ የለም፣ ምክር የለም።

እኔ ያደግኩት ደብረ ብርሃን ነው። ውርጭ አውቃለሁ፤ ጠዋት ሣሩ ላይ ነጭ ሆኖ ሲያበራ አውቃለሁ። ከቤት ስወጣ ከኋላዬ የሚከተለኝን ድምፅም አውቃለሁ፤ «ብርድ ይመታሻል! ነጠላዬን ደርቢ! አትቆዪ!» አሁን በምኖርባት የአሜሪካዋ ሜሪላንድ በረዶ በጣለ ቁጥር ያው ድምፅ ከእኔ አፍ ይወጣል፣ መውጣትም አለበት፤ ልጅ ይታመማል። የፒተር እናት ግን መጽሐፉ ውስጥ የምትገባው ልጁ ከተመለሰ በኋላ ነው። ለምን ካልሲህ ረጠበ አላለችም። አወለቀችለት፤ ሰማችው። ጉልበቷ ላይ ያለው እርጥብ ካልሲ የቀኑ ሁሉ ማስረጃ ነው፤ እሷም እንደ ማስረጃ ይዛዋለች።

ወደ ኪሱ ልመለስ፤ ይህን ጽሑፍ ያስጻፈኝ ኪሱ ነው።

ማሞ ቂሎን የማያውቅ የለም። እኔ በሰማሁት አተራረክ ማሞ ሠርቶ የተሰጠውን ሳንቲም መንገድ ላይ ይጥላል። እናቱ «ኪስህ ውስጥ አትከተውም ነበር?» ትለዋለች። በማግሥቱ ወተት ይሰጡታል፤ ኪሱ ውስጥ ይጨምረዋል። «በራስህ አትሸከምም ነበር?» ስትለው ደግሞ በሦስተኛው ቀን የተሰጠውን ቅቤ አናቱ ላይ አስቀምጦ በፀሐይ ይመጣል። ቅቤው ይቀልጣል። እንስቃለን። በልጅነቴ ሆዴን ይዤ ስቄአለሁ፤ ልጄም ትስቃለች። ጥሩ ተረት ነው፤ እናቶች ያስቡበት፣ አያቶች ያጣሩት ተረት ነው።

አሁን ፒተርን አስቡ። በረዶ ኪስ ውስጥ ማስቀመጥ የማሞ ቂሎ ሥራ ነው፤ ከቅቤውና ከወተቱ አይለይም። ኪትስ እዚህ ቦታ ላይ ሊያስቀን ይችል ነበር። እናትየዋ «በረዶ በኪስ ይቀመጣል እንዴ የኔ ልጅ!» ልትል ትችል ነበር። በዚያውም በረዶ ቀልጦ ውኃ እንደሚሆን ልታስረዳው። ይህን አንድም አላደረገም። ልጁ ለነገ ያለው ነገር ጠፋበት፤ አዘነ፤ መጽሐፉም አብሮት ዝም ብሎ አዘነ። ለአራት ዓመት ልጅ ይህ ኀዘን ከባድ ነው፤ የሚወደው ነገር እንደማይቆይ ያወቀበት የመጀመሪያው ማታ ሊሆን ይችላል። ማሞን ከላይ ሆነን እናየዋለን። ፒተርን በቁመቱ ልክ ተንበርክከን እናየዋለን። ሁለቱም ዐይኖች ለልጆች ያስፈልጋሉ፤ የእኛ መጻሕፍት ግን ሁለተኛውን እስካሁን በቅጡ አልሞከሩትም ባይ ነኝ።

የአባትየውን ኪስም ሳላስብ አላልፍም። ኪትስ ሁለቱን ነገሮች አያይዞ ይሁን አይሁን ለማለት አልደፍርም። ሰው የሚወደውን ነገር ኪሱ ውስጥ እንደሚያስቀምጥ፣ የተቀመጠውም ሲገኝ እንዴት ልብ እንደሚሰብር ግን 19 ዓመት ሊሞላው ጥቂት ሲቀረው የተማረ ሰው ነው።

እኛን ያሳደጉን አባባ ተስፋዬ ናቸው። ቴሌቪዥን ባለበት ቤት ተሰብስበን «ጤና ይስጥልኝ ልጆች! የዛሬ አበባዎች፣ የነገ ፍሬዎች!» ሲሉን ከነሙሉ ልባችን እንመልስ ነበር። ከ40 ዓመት በላይ ለኢትዮጵያ ልጆች ተረት ነገሩ፤ ነፍሳቸውን ይማር፤ ውለታቸው ተከፍሎ አያልቅም። ተረታቸው ሁልጊዜ ወደ ምክር ያደርሰናል፤ ታላላቆችን አክብሩ፣ አትዋሹ፣ ትምህርታችሁን በርቱ። የነገ ፍሬዎች ነበርንና ፍሬ እንድንሆን ይንከባከቡን ነበር። የኪትስ መጽሐፍ የሚቆመው ዛሬው ላይ ነው፤ አበባው ላይ። ልጁ ነገ ምን ይሆናል የሚል ጥያቄ በ32 ገጹ ውስጥ አንድ ጊዜ እንኳ አይነሣም። ከሰፊው ዓለም አንድ መንገድ፣ አንድ ዛፍና አንድ የበረዶ ክምር ተሰጥተውታል፤ ሙሉ ናቸው።

ይህን የምለው ተረታችንን ለመንቀፍ አይደለም። ተረት ለጆሮ የተሠራ ነው፤ እሳት ዙሪያ ለተሰበሰበ ቤተሰብ ነው፤ ትልቁም ትንሹም የሚሰማው ስለሆነ ሁሉንም ማስተማር አለበት። ሥዕላዊ መጽሐፍ ደግሞ ጭን ላይ ለተቀመጠች አንዲት ልጅ ነው። አንባቢዋ ገና ፊደል አልቆጠረችም፤ እኔ ቃሉን ሳነብ እሷ ሥዕሉን ታነባለች፤ ከእኔ ቀድማም ትደርሳለች። የፒተር ዱካ የት ጀምሮ የት እንደታጠፈ የምታሳየኝ እሷ ናት። ጽሑፉ ዱላ መሆኑን ከመናገሩ በፊት ሦስተኛውን መስመር አይታ ምን እንደሆነ የምትገምተውም እሷ ናት። ኪትስ ያንን ገጽ የሠራው ለዚህ ነው፦ ልጅ ከአዋቂው ቀድማ እንድታውቅ።

ወደ ቆዳው ቀለም ልምጣ። በ1965 ናንሲ ላሪክ የተባለች የንባብ ትምህርት ባለሙያ ሳተርደይ ሪቪው በተባለ መጽሔት ላይ ስለ አሜሪካ የልጆች መጻሕፍት ከባድ ጽሑፍ አወጣች። በ1962፣ 63 እና 64 ከታተሙ ከ5,000 በላይ መጻሕፍት ውስጥ ቢያንስ አንድ ጥቁር ሰው የታየባቸው 6.7 በመቶ ብቻ መሆናቸውን ቆጥራ አሳየች። በዚያው ጽሑፍ ኪትስንም ወቀሰችው፤ የፒተርን ጥቁርነት በቃል አለመናገሩን፣ እናቱንም በድሮ ሥዕሎች እንደለመድናት ወፍራም የጥቁር ሞግዚት መሣሉን አነሣች። ኪትስ ተናዶ መልስ ጻፈ። ፒተር ጥቁር መሆኑ እያንዳንዱ ገጽ ላይ ይታያል፤ ልጁ ሜዳ ላይ ሲጫወት ስለ ቆዳው የሚያወራበት ምን ምክንያት አለ?

በመጀመሪያው ነጥብ ከኪትስ ጋር ነኝ። ጽሑፉ ውስጥ «ጥቁሩ ፒተር» የሚል ቃል ቢገባ መጽሐፉ ለሌሎች የተጻፈ ማብራሪያ ይሆን ነበር። ልጄ እንዲህ ተብሎ እንዲነበብላት አልፈልግም። በእናትየዋ ላይ ግን የላሪክን ቃል ችላ ማለት አልችልም። በዚያ ዘመን ያ ቅርጽ በማስታወቂያም በፊልምም ለማላገጫ ሲውል የኖረ ነው፤ የቆሰለ ሰው ቁስሉን ሲያይ ማንም «አላየህም» ሊለው አይገባም። እኔ ቢጫ ቀሚሷን የማነበው ከሌላ አገር መጥቼ ስለሆነ ነው፤ ሰፊ ጉልበት ያላት፣ ካልሲ የምታወልቅ እናት አያለሁ። የሁለታችንም ንባብ መጽሐፉ ውስጥ አለ። ጥቁር ጸሐፊዎች፣ ከእነሱም ገጣሚው ላንግስተን ሂዩዝ፣ መጽሐፉን በደስታ ተቀብለውታል።

ስለ መጽሐፉ ከሚነገረው ሁሉ አንድ ነገር ከአእምሮዬ አይወጣም። አንዲት መምህር ለኪትስ ደብዳቤ ጻፈችለት፦ የክፍሏ ጥቁር ልጆች ራሳቸውን ሲሥሉ ሁልጊዜ የሚያነሡት ሮዝ ከለር ነበር፤ ይህን መጽሐፍ ካነበበችላቸው በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ቡናማውን አነሡ። መጽሐፉ «ቆዳችሁ ያምራል» አላላቸውም። ቀይ ልብስ የለበሰ ቡናማ ልጅ ሲጫወት አዩ፤ እጃቸው ራሱ ቡናማው ከለር ላይ አረፈ። ምክር ይህን ማድረግ አይችልም። ልጅ የሚመከረው ነገር መጀመሪያውኑ ጥርጣሬ ያለበት መሆኑን ያውቃል።

የኒውዮርክ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት በ2020 125ኛ ዓመቱን ሲያከብር በታሪኩ ከሁሉ በላይ በውሰት የወጡትን መጻሕፍት ዝርዝር አወጣ። አንደኛ የወጣው ይህ ነው፤ 485,583 ጊዜ ተወስዷል። ከልብ ወለዱ፣ ከታሪኩ፣ ራስን ስለማሻሻል ከሚመክረው መጽሐፍ ሁሉ በላይ። በ2017 የአሜሪካ ፖስታ ቤት ፒተርን በቴምብር አወጣው። ኪትስ ይህን አላየም፤ በ1983 አርፏል። ሚስትም ልጅም አልነበረውም።

ፒተር ግን አደገ። ኪትስ በሰባት መጻሕፍት ከፍ እያደረገው ሄደ፤ ማፏጨት ተማረ፣ ውሻ ያዘ፣ ለልደቱ አንዲት ልጅ ለመጋበዝ ደብዳቤ ጻፈ። እኛ ቤት አሁን ተራው የ1967ቱ «ፒተርስ ቼር» (የፒተር ወንበር) ነው፤ ታናሽ እህት የተወለደችበት ፒተር አልጋው ሮዝ ሲቀባበት አኩርፎ ትንሿን ወንበሩን ይዞ ከቤት ይወጣል። ሊቀመጥባት ሲሞክር አትበቃውም። ተመልሶ ገብቶ ወንበሯን ለእህቱ እንቀባት ብሎ አባቱን ይጠይቃል፤ አባትና ልጅ አጠገብ ለአጠገብ ሆነው ይቀባሉ። ቀለም ቱቦ በሾርባ ለወጥኩ ይል የነበረው አባት ልጅ ይህን ገጽ ሲሥል ምን እንዳሰበ ባውቅ ደስ ባለኝ። እዚህም ቢሆን «ታናሽህን ውደድ» የሚለው የለም። ወንበሩ ጠበበው፤ በቃ፤ ሌላው የራሱ ሐሳብ ነው።

በአማርኛ የሕፃናት መጻሕፍት እጦት ያንገበገበው ሰው ከእኛ በፊት ነበር። አቶ ዮሐንስ ገብረጊዮርጊስ ሳን ፍራንሲስኮ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት የልጆች ክፍል ሲሠሩ በብዙ ቋንቋ መጽሐፍ ሲያገኙ በአማርኛ ግን አጡ። ያንኑ የማሞ ቂሎን ተረት በአማርኛና በእንግሊዝኛ ጎን ለጎን፣ በሥዕል አሳተሙ፤ ከዚያ አገር ቤት ተመልሰው በ2003 አዲስ አበባ ውስጥ የሾላን የልጆች ቤተ መጻሕፍት ከፈቱ። ከእሳቸው ወዲህ ጥሩ ጥሩ ሥራ አይቻለሁ። ገዝቻለሁም። አብዛኛው ግን ወይ ተረት ነው፣ ወይ ፊደል ማስቆጠሪያ ነው፣ ወይ ጥርስህን ቦርሽ ነው። የልጅን አንድ ቀን ይዞ የሚወጣ፣ ልጁ ያየውን ብቻ የሚያይ መጽሐፍ እፈልጋለሁ።

አገር ቤትም በረዶ አለ። ሐምሌ ላይ ከሰዓት በኋላ ሰማዩ ይጠቁርና ቆርቆሮው ላይ ይወርዳል፤ ቤት ውስጥ ሰው ከሰው መነጋገር አይችልም። ሲያባራ ግቢው ነጭ ነው፤ ልጆች በጣሳ፣ በሲኒ፣ በእፍኛቸው እየዘገኑ ይሮጣሉ፣ ይበላሉ፣ አንገት ሥር ይከታሉ። አንዷ ልጅ ደግሞ ማዳበሪያ ከረጢት ሥር ትደብቃለች፣ አባቷ ከሥራ ሲመጣ ልታሳየው። ሠዓሊ የሆናችሁ ይህን ሥሩልን። የቆርቆሮውን ዝገት ከእውነተኛ የተጣለ ወረቀት ቀድዳችሁ፣ የእናትየዋን መቀነት ከእውነተኛ መቀነት ክር አውጥታችሁ፣ በረዶውን በላጲስ አትማችሁ። ጽሑፉ ከሃያ ዓረፍተ ነገር አይብለጥ። አባትየው ሲመጣ በረዶው መቅለጡን ልጅቷ ራሷ ትየው፤ ማንም አያስረዳት። አሳታሚዎች ምክር የሌለው የልጅ መጽሐፍ ወላጅ አይገዛም ይላሉ። እዚህ ሜሪላንድ ቅዳሜ ቅዳሜ ልጆቻቸውን አማርኛ የሚያስተምሩ ወላጆችን አውቃለሁ፤ ይገዛሉ። እኔም ለልጄ አንድ፣ ደብረ ብርሃን ላሉት የእህቴ ልጆች ሁለት እገዛለሁ።